ረ የሞተበት ኪቦርድ

አንዲት ፊደል ሰውን ከእንጀራው ልታፈናቅል ትችላለች ብትሉኝ ድሮ እስቅባችሁ ነበር። አሁን አልስቅም። ዛሬም "ቨ" የምትባለዋን ፊደል የሱቅ ታፔላ ላይ ሳያት ደሜ ይፈላል። ታሪኩን ልንገራችሁ፤ ግን ተረጋግታ ትጽፋለች ብላችሁ እንዳትጠብቁኝ። ዓመታት አልፈዋል ይሉኛል። እኔ ላይ ያለፈ ነገር የለም።

ስሜ ብርሃኔ ይባላል። ያኔ ቦንጋ ከተማ ውስጥ በአንድ የመንግሥት መሥሪያ ቤት ጸሐፊ ነበርኩ። ሙያውን የተማርኩት በታይፕራይተር ነው። ያስተማሩን ሴትዮ ኮስታራ ነበሩ፤ ዓይናችን ከረቂቁ ተነስቶ ወደ ጣታችን ከሄደ በማስመሪያ ጣታችንን ይሉን ነበር። ዓይን ረቂቁ ላይ፣ ጣት ፊደሉ ላይ! ኮምፒውተር መጥቶ ታይፕራይተሩ ዕቃ ግምጃ ቤት ሲገባም ይህ ልማዴ አልለቀቀኝም። ማያ ገጹን የማየው ጽፌ ስጨርስ ነው። ደግሞ ስህተት አይገኝብኝም፤ ይህን የምለው ጉራዬን ለመንዛት አይደለም። ከየወረዳው፣ ከዋጫም ከደካም የሚመጣ የባለሙያ ረቂቅ፣ ዶሮ የጫረችው የሚመስለው ሁሉ፣ "ለብርሃኔ ስጡት" ተብሎ እኔ ጠረጴዛ ላይ ነበር የሚወድቀው።

ቤት ውስጥ የምኖረው ከአባቴ ጋር ነበር። አባቴ ልብስ ሰፊ ነበር። ደም ግፊት ጥሎት ግራ ጎኑ አልታዘዝ ካለው ወዲህ አልጋ ላይ ዋለ። ጠዋት አጥቤው፣ አብልቼው፣ መድኃኒቱን ሰጥቼው እወጣለሁ። በምሳ ሰዓት እየሮጥኩ መጥቼ አገላብጬው እመለሳለሁ፤ ካልተገላበጠ ጀርባው ይቆስላላ። ወንድሜ ማንኪራ ገጠር ነው ያለው፣ ቡናውንና ንቡን ይዞ። ደግ ልጅ ነው፣ ማር ይልካል። ማሩ ግን አባቴን አያገላብጥልኝም። ሆስፒታሉም ቦንጋ ነው፣ እኔም ቦንጋ ነኝ፣ በዚህ ሁኔታ እንኖር ነበር።

እንግዲህ ነገሩ የጀመረው በሻይ ነው። አለቃዬ አቶ ገረመው ይባሉ ነበር። ሪፖርት በሚደርስበት ሰሞን ከጀርባዬ ቆመው፣ በአንድ እጃቸው የሻይ ብርጭቆ ይዘው፣ እየተንጎራደዱ ማስጻፍ ይወዳሉ። አንድ ቀን እጃቸውን ሲያወናጭፉ ያ ሁሉ ስኳር የጠገበ ሻይ ኪቦርዴ ላይ ተደፋ። ደነገጥኩ። እሳቸው እቴ!

"ጨርቅ አምጪና ጥረጊው። የት ጋ ደርሰን ነበር?" አሉኝ።

ጠረግኩት፣ ገልብጬም አደረቅኩት። ሌላው ፊደል ሁሉ ነፍስ ዘራ፤ አንዷ ግን ሞተች። አር። የእኛ የአማርኛ ሶፍትዌር በድምፅ ነው የሚሠራው፤ የእንግሊዝኛዋን አር ስትነኩ ረ ትወጣለች። ስለዚህ አር ሞተች ማለት ረ ከነሰባት ቤቷ ሞተች ማለት ነው። እስቲ ያለ ረ አንድ የመንግሥት ደብዳቤ ጻፉልኝ! "ቁጥር" የለ፣ "ክቡር" የለ፣ "ግልባጭ ለአስተዳደር" የለ። የራሴ ስምም የለ።

ኪቦርድ እንዲገዛልኝ በደብዳቤ ጠየቅሁ። ረን ከድሮ ፋይል አንድ በአንድ እየቀዳሁ እየለጠፍኩ ነው የጻፍኩት። አቶ ገረመው ጠርዙ ላይ "በጀት ሲፈቀድ ይታያል" ብለው መሩበት። ከሦስት ወር በኋላ ደግሜ ጻፍኩ። "እስከዚያው ባለው ይሠራበት።" ሦስተኛውን ስጽፍ ቢሯቸው ጠሩኝና፣

"ብርሃኔ፣ አንቺ ጎበዝ ሠራተኛ ነሽ፤ እንደምንም ተወጪው። በአንዲት ፊደል ሥራ ይቆማል?" አሉኝ።

እኔ ጅል፣ "ጎበዝ" ስባል ልቤ ቅቤ ጠጣ። ይኸው ነው የእኔ ጥፋት፤ ሌላ የለብኝም።

መምህር ታደለ የሚባል የኮምፒውተር አስተማሪ ጎረቤቴ ነበር። ችግሬን ስነግረው በምሳ ሰዓት መጣና አየልኝ። "አንዷን ፊደል በሌላዋ ቦታ ማስቀመጥ ይቻላል" አለኝ። "የትኛዋን አትፈልጊያትም?" አሰብን። በአማርኛ ማንም የማይፈልጋት የትኛዋ ናት? ቨ! "ቪዛ" የሚጽፍ ቦንጋ ማን አለ? ትንሽ ነገር ጫነና የቪ ቁልፍ ስትነካ አር እንድትወጣ አደረገልኝ። ቁልፏ ላይ ነጭ ፕላስተር ለጥፎ በእስክሪብቶ "ረ" ብሎ ጻፈባት። "ለጊዜው ነው እንግዲህ፤ አዲስ ሲገዙልሽ አውጪው" ብሎኝ ሄደ። ሳንቲም አልተቀበለኝም።

ለጊዜው ሁለት ዓመት ሆነ። ፕላስተሩ ከጊዜ በኋላ ተልጦ ወደቀ፤ እኔም መውደቁን ልብ አላልኩም። ምክንያቱም ጣቴ ለምዶታል። ረ ሲመጣ የግራ እጄ ጠቋሚ ጣት ሳልነግራት ወደ ታች ትወርዳለች። "ዩኒቨርሲቲ" የሚል ቃል ሲመጣ ብቻ ነበር ፍዳዬን የማየው፤ እሷን ከድሮ ደብዳቤ ላይ አንስቼ እለጥፍ ነበር። በዚያ ኪቦርድ ለአቶ ገረመው የምስጋና ደብዳቤ ያስገኘውን ሪፖርት ሳይቀር ጽፌአለሁ። ኪቦርድ የሚባል ነገር ከዚያ ወዲያ አልተገዛም። የአዳራሹ መጋረጃ ግን ሁለት ጊዜ ተቀይሯል!

ከዚያ ቢፒአር የሚሉት የመሥሪያ ቤት ለውጥ መጣ። ያን ዘመን የምታስታውሱ ታውቁታላችሁ። ሁላችንም ከሥራ መደባችን ተነሳን ተባለና በገዛ ወንበራችን ላይ እንድንወዳደር ተደረግን። ጸሐፊዎች ስድስት ነን፤ ቦንጋ የሚቀሩት ሦስት ናቸው። ሌሎቹ ወደ ወረዳ። እኔ ካላለፍኩ ምድቤ ሩቁ ደካ እንደሆነ እትዬ አስቴር አስቀድመው በጆሮዬ ነገሩኝ። እትዬ አስቴር የሠራተኛ አስተዳደር ናቸው፤ ለሰው የሚያዝኑ ሴት ናቸው።

"አባቴን ምን ላድርገው?" አልኳቸው።

"አንቺማ ታልፊያለሽ፣ ምን ያስጨንቅሻል? ከአንቺ የሚፈጥን ማን አለ?"

እውነታቸውን ነው፣ ማንም አልነበረም። እኔ ግን አልተኛሁም፤ ሳምንቱን ሙሉ ምሳ ሰዓቴን እየቆረስኩ ተለማመድኩ። በየትኛው ኪቦርድ ላይ? በዚያው! አያችሁ? በገዛ እጄ ጉድጓዴን ስቆፍር ከረምኩ።

ፈተናው ሐሙስ ጠዋት ነበር። ከአንድ ፕሮጀክት የመጡ አዲስ ኮምፒውተሮች ስብሰባ አዳራሹ ውስጥ ተደርድረዋል፤ ላስቲካቸው ገና አልተላጠም። ሰብሳቢው ከላይ የመጣ ሰው ነው፣ ከረባት ያሰረ፣ ሰዓቱን ደጋግሞ የሚያይ። ከጎኑ አቶ ገረመውና እትዬ አስቴር ተቀምጠዋል። አንድ ገጽ ረቂቅ በየፊታችን ተገልብጦ ተቀመጠ። አስር ደቂቃ።

"ጀምሩ!"

ገለበጥኩት። የተሃድሶ ጽሑፍ ነው፣ ስለ መልካም አስተዳደር። አፌን ሞልቼ ልንገራችሁ፣ በሕይወቴ እንደዚያን ቀን ጽፌ አላውቅም። አዲሱ ኪቦርድ ልስልስ ያለ ነው፣ ጣቴ ይንሳፈፍበታል። ከጎኔ ያለችው ልጅ አንዲት አንዲት ፊደል ስትለቅም ይሰማኛል፤ እኔ እንደ ዝናብ እወርዳለሁ። ዓይኔ ከረቂቁ አልተነሳም። የመጨረሻዋን አራት ነጥብ ስመታና ሰብሳቢው "እጅ ከኪቦርድ ላይ ይነሳ!" ሲል እኩል ሆነ። ሌሎቹ ግማሽ ገጽ ላይ ናቸው። አባዬ፣ አለፍን አልኩ በልቤ።

ቀና ብዬ ማያ ገጹን አየሁ።

"ስም፦ ብቭሃኔ።"

መጀመሪያ ዓይኔ የተበላሸ መሰለኝ። አሸሁት። "የኢትዮጵያ ፌዴቫላዊ ዴሞክቫሲያዊ ቪፐብሊክ።" "መልካም አስተዳደቭ።" "ብሔቭ ብሔቨሰቦች።" "ኪቫይ ሰብሳቢነት።" ረ ባለችበት ሁሉ ቨ ቁጭ ብላለች። ጣቴ የለመደበት ሄዶ ነዋ! ያ ኪቦርድ ግን ጤነኛ ነው፤ ቪ ስትነካው ቪ ይሰጥሃል።

ላብ አጠመቀኝ። "ይቅርታ፣ ሁለት ደቂቃ ብቻ" አልኩ። "የእኔ ኮምፒውተር ላይ ረ በቪ በኩል ነው የምትወጣው። ሌላ ስህተት የለበትም። ቨን በረ ተካ ብዬ ላዘው፣ ሰባት ጊዜ ነው፣ ለሰባቱ ቤት ሰባት ጊዜ፤ እዚሁ ፊታችሁ።"

"ሰዓት አልቋል። ማረም አይፈቀድም" አለ ሰብሳቢው።

"ማረም አይደለም እኮ፣ ማሽኑ ነው!"

"ያትሙት።"

ታተመ። ከነ "ብቭሃኔ" ፈርሚበት አሉኝ። ወደ አቶ ገረመው ዞርኩ። "አቶ ገረመው፣ ይንገሩልኝ እንጂ! የኪቦርዱን ነገር እርስዎ ያውቁታል።" እሳቸው የእስክሪብቷቸውን ክዳን ሲከድኑ ሲከፍቱ ቆዩ። ቀና ብለው እንኳ አላዩኝም። እንደምን አልጮህኩ! እንደምን ያን እስክሪብቶ ከእጃቸው አልነጠቅኩ! እስካሁን ይገርመኛል።

ከሰዓት ተጠራሁ። የታተመው ወረቀቴ በቀይ ተሸፍኗል። ሰብሳቢው ወረቀቱን በሁለት ጣቱ አንጠልጥሎ፣

"ወይዘሮ ብቭሃኔ" አለኝ።

እሱ ብቻውን ሳቀ። ስሜን ያወጣልኝ አባቴ ነው፤ እዚያ ጋ ከወንበሬ ልነሳ ነበር። ሳቁን ሲጨርስ ግን ፊቱ ተለወጠ።

"ሌላው ይቅር። 'ዴሞክቫሲ' ማለት ምን ማለት ነው? 'ቪፐብሊክ' ብሎ መጻፍ ማሾፍ ነው? በሥርዓቱ ላይ ነው የምታሾፊው?"

በዚያ ዘመን ይህች ጥያቄ ምን እንደምትወልድ ለእናንተ አልነግራችሁም። "በራሴ ስምስ ላይ አሹፌ ነው?" አልኩት። "'ብቭሃኔ' ያልኩት በማን ላይ ልቀልድ ነው?"

"መመሪያ መመሪያ ነው፤ ቅሬታ ካለሽ ነገ ጠዋት አቅርቢ" አለኝ። ስወጣ አቶ ገረመው ኮሪደር ላይ ደረሱብኝ። ያዘኑልኝ መስሎኝ ቆምኩላቸው።

"ነገሩን አታክርሪው" አሉኝ። "አባትሽን ማንኪራ ወንድምሽ ጋ ላኪያቸውና ደካ ትንሽ ቆይተሽ ትመለሻለሽ። አየሩም ጥሩ ነው።"

አየሩም ጥሩ ነው! ማንኪራ በእግር የሚገባበት መንደር ነው፤ አባቴን በቃሬዛ ሊያሸክሙኝ ነው። ግፊቱ ቢነሳ ማን ይደርስለታል? ቤት ገብቼ ሳገላብጠው "ፈተናው እንዴት ሆነ?" አለኝ። "ውጤቱ ነገ ነው አባዬ" አልኩት። ቀኝ እጁን አንስቶ ፊቴን ዳሰሰኝ። ዘወር ብዬ ጥርሴን ነከስኩ።

ዓርብ ጠዋት ኪቦርዴን ከነገመዱ ነቅዬ በፌስታል ይዤ አዳራሹ ገባሁ። ሦስቱን የጥያቄ ደብዳቤዎችም ከመዝገብ ቤት አውጥቻለሁ፣ የአቶ ገረመው ምሪት ያለባቸውን። ጠረጴዛው ላይ ዘረገፍኳቸው።

ሰብሳቢው ደብዳቤዎቹን አገላበጠ። "አቶ ገረመው፣ ፊደሉ እንደማይሠራ ያውቁ ነበር?"

"በርካታ ጥያቄ ይቀርባል... አሁን ይህን በዝርዝር አላስታውስም።"

አላስታውስም! ሻዩን የደፋው ማን ነው? "ተወጪው" ያለኝ ማን ነው? የዚህን ጊዜ የያዝኩት ሁሉ አመለጠኝ። የአዳራሹን ኪቦርድ ነቅዬ የእኔን ሰካሁና ወንበሩን ሳብኩላቸው።

"ይምጡ፣ ይቀመጡ" አልኩ። "ስምዎን ይጻፉ።"

"ምን ማለትሽ ነው?"

"ስምዎን። ሌላ አላልኩም። ገረመው ብለው ይጻፉ።"

ሰብሳቢው የሚሆነውን ለማየት ነው መሰለኝ፣ "ይሞክሩት እስቲ" አለ። አቶ ገረመው ተቀመጡ። በአንድ ጣት ገ አሉ። አርን ነኩ። ምንም። ደግመው ነኩ። በኃይል መቱት። ምንም! ግንባራቸው ወዛ። ትተውት መ አሉ፣ ው አሉ። ማያ ገጹ ላይ "ገመው" የሚል ተገትሮ ቀረ። እትዬ አስቴር አፋቸውን በነጠላቸው ሸፈኑ።

"ሁለት ዓመት ሙሉ በየደብዳቤው ግርጌ 'ገረመው' ተብሎ የወጣው በማን ጣት ነው?" አልኳቸው። "ያችን አንዲት ፊደል ከየት ሳመጣልዎ ነው የከረምኩት? ዛሬ እኔ በእሷ ስወድቅ አያስታውሱም?"

ድምፄ መንገድ ድረስ ተሰምቷል አሉ። ይሰማ!

ሰብሳቢው ጉሮሮውን ጠረገ። ያሸነፍኩ መስሎኝ ነበር። አንድ ነገር ግን አላወቅሁም፤ እነዚህ ሰዎች ሲሸነፉም መመሪያ አላቸው። ጥቂት ተንሾካሾኩና እንዲህ ተባልኩ፦ ፈተናው ይደገምልሻል። ነገር ግን ኮምፒውተሩ የመንግሥት ንብረት ነው፤ ፊደል ያዘዋወርሽው ያለ ፈቃድ ነው። ስለዚህ ጥፋቱ የራስሽ መሆኑን አምነሽ ትፈርሚያለሽ፣ ማኅደርሽ ውስጥ ይቀመጣል። ካልፈረምሽ የሐሙሱ ውጤት ይጸናል።

ረቂቁን ማን እንደጻፈው ልንገራችሁ? አቶ ገረመው። በዚያ ዶሮ የጫረችው በሚመስል ጽሑፋቸው። ማን እንዲተይበው እንደተሰጠስ? ለእኔ! "የመሥሪያ ቤቱን ኪቦርድ በግል ፍላጎቴ በመለወጤ ለተፈጠረው ስህተት ሙሉ ኃላፊነቱን እወስዳለሁ።" በግል ፍላጎቴ! እዚያው አዳራሽ ውስጥ፣ በጤነኛው ኪቦርድ፣ ረ ላይ በደረስኩ ቁጥር ዓይኔን ወደ ጣቴ እየመለስኩ ተየብኩት። እንባዬ ይወርድ ነበር፤ የንዴት እንባ ነው፣ የሐዘን እንዳይመስላችሁ።

"አልፈርምም" አልኩ።

እትዬ አስቴር ተነስተው አጠገቤ መጡ። "ብርሃኔ፣ እህቴ" አሉኝ ቀስ ብለው። "ሰዓቱን እይው። አምስት ሰዓት ተኩል ሆኗል። አባትሽን የምታገላብጪበት ሰዓት እየደረሰ ነው።"

ፈረምኩ።

ፈተናውን እዚያው ደግሜ ተፈተንኩና አንደኛ ወጣሁ። ከሳምንት በኋላ አዲስ ኪቦርድ ተገዛልኝ። በጀቱ ከየት መጣ አትበሉኝ።

ከዚያ ወዲህ እኔ ሌላ ሰው ነኝ። እናንተም መሥሪያ ቤት የምትውሉ ከሆነ ስሙኝ። የተሰበረውን ወንበር በገመድ የምታስሩ፣ ያለቀውን የቀለም ካርትሪጅ እያራገፋችሁ የምታትሙ፣ በራሳችሁ ሞባይል የመንግሥት ሥራ የምትደውሉ፣ "ጎበዝ" ስትባሉ ልባችሁ የሚሞቅ! ተዉት። ይቁም። ከዚያች ዓርብ በኋላ አንድ ዕቃ ሲበላሽብኝ ደብዳቤ እጽፋለሁ፣ እጄን አጣጥፌ እቀመጣለሁ። "ብርሃኔ ድሮ እንዲህ አልነበርሽም" ይሉኛል። አዎ፣ አልነበርኩም። ግትር፣ ነገረኛ የሚል ስም ወጥቶልኛል። ይውጣልኝ፤ ቢያንስ ፊደሉ አልተዛባም። ይቅር በያቸው የምትሉኝም አላችሁ፤ ቤተ ክርስቲያንም ይሉኛል። ለፈተናው ይቅር ልል እችል ነበር። ይቅር ያላልኩት ለሌላ ነገር ነው።

የፈረምኩ ዕለት ቤት ስገባ አባቴ በር በሩን ሲያይ ነበር።

"አለፍሽ?"

"አለፍኩ አባዬ። የትም አልሄድም።"

አለቀሰ። ስለ ወረቀቱ ምን ብዬ ልንገረው? ልጅህ ያላጠፋችውን አጥፍቻለሁ ብላ ፈረመች፣ ላንተ ስትል፣ ልበለው? ግፊቱ ይገድለዋል። "ማን ፈተነሽ?" አለኝ። "አለቃዬ አቶ ገረመውም ነበሩ" አልኩት፤ አፌ አምልጦኝ ነው። ከዚያች ቀን ጀምሮ አባቴ ሲጸልይ አቶ ገረመውን ሳያነሳ አይጨርስም። "ልጄን ለእኔ የተወልኝ፣ እድሜና ጤና ይስጥልኝ፣ ልጆቹን ያሳድግለት" ይላል። ሊጠይቀው ለመጣ ሁሉ በካፍኛ እያነሳ ይነግራል፤ ስለ ደግነታቸው። እኔ ውኃ ልቅዳ ብዬ እወጣለሁ። ዓመት ከመንፈቅ እንዲህ ሰማሁ። አባቴ የሞተው እሳቸውን እየመረቀ ነው።

አቶ ገረመው ለቅሶ መጡ። ወንድሜ ከማንኪራ መጥቶ በር ላይ ሰው ይቀበል ነበር። እጃቸውን በሁለት እጁ ይዞ፣ "አባባ ስምዎን ሳይጠሩ የዋሉበት ቀን የለም፤ ውለታዎን አንረሳም" አላቸው። አቶ ገረመው እጃቸውን ደረታቸው ላይ አድርገው ጎንበስ አሉ።

"ምን አደረግሁ ብለህ" አሉት። "ግዴታዬ ነው።"